ከምንጩ ዳር እስከ ውሉ ፊርማ፦ ለትንሽ ማኅበር የውጭ ድጋፍ ማመልከቻ አዘገጃጀት

ወሎ ውስጥ ከውጭ እርዳታ መጠየቅ አዲስ ነገር አይደለም። ደሴም ሆነች ኮምቦልቻ ከ1966ቱና ከ1977ቱ ረኃብ ጀምሮ የእህል መኪና ሲያሳልፉ፣ የእርዳታ ድርጅት እንግዳ ሲያስተናግዱ ኖረዋል። ገንዘቡ ግን በአብዛኛው ያለፈው በትልልቅ ድርጅቶች እጅ ነው፤ የሰፈር ቅሬም (በሌላው አካባቢ ዕድር የሚባለው) ሆነ የወጣቶች ማኅበር ድርሻው በተጠቃሚ ዝርዝር ላይ መፈረም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2016 ለጋሾችና ትልልቅ ድርጅቶች ኢስታንቡል ላይ ተሰብስበው፣ ከሰብአዊ ድጋፉ 25 በመቶ የሚሆነው በተቻለ መጠን በቀጥታ ለአገር በቀል ተቋማት እንዲደርስ ተስማምተው ነበር። እስከ 2020 ይፈጸማል ተብሎ ሳይፈጸም ቀረ።

አሁን ደግሞ ገንዘቡ ራሱ ሳስቷል። አሜሪካ ጥር 12 ቀን 2017 ዓ.ም. የውጭ እርዳታዋን አገደች፤ ሰኔ 24 ቀን ዩኤስኤአይዲ የሚባለው የእርዳታ ተቋሟ ሥራውን አቆመ። እንግሊዝ ከብሔራዊ ገቢዋ 0.5 በመቶ የነበረውን የእርዳታ ድርሻ እ.ኤ.አ. በ2027 ወደ 0.3 እንደምታወርድ አስታውቃለች፤ የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ እ.ኤ.አ. በ1970 ለሀብታም አገሮች ያስቀመጠው ግብ 0.7 ነበር። ለትንሽ ማኅበር የሚቀሩት በሮች የኤምባሲ አነስተኛ ድጋፎች፣ የግል ፋውንዴሽኖችና በውጭ የሚኖሩ የአካባቢው ተወላጆች ናቸው። በእነዚህ በሮች ላይ ወረፋው ረጅም ነው። ከወረፋው የሚለየው ያማረ እንግሊዝኛ አይደለም፤ በእግር ተሄዶ የተቆጠረ ቁጥር ነው። ይህን የምለው ብዙ ማመልከቻ ስላነበብሁ ነው፤ ከአሥሩ ዘጠኙ ቢሮ ውስጥ ተጽፎ እንዳለቀ ከመጀመሪያው ገጽ ይታወቃል።

መመሪያው እንዳይንሳፈፍ አንድ ምሳሌ ይዤ እስከ መጨረሻው እሄዳለሁ፦ በኮምቦልቻ ዙሪያ፣ ቃሉ ወረዳ ውስጥ ባለ አንድ የገጠር ቀበሌ ምንጭ ማጎልበት። የትምህርት ቤት መጸዳጃ ወይም የልብስ ስፌት ሥልጠና ያሰባችሁ ምንጩን በራሳችሁ ጉዳይ ተኩት።

1. ፈራሚው ማን ነው?

ቅሬያችሁ ሦስት መቶ አባወራ ቢያቅፍ፣ ድንኳኑና ድስቱ የተሟላ ቢሆን፣ ሒሳቡም ከማንም ድርጅት የጠራ ቢሆን እንኳ ከውጭ ለጋሽ ጋር ውል ለመፈራረም አይበቃም። የሲቪል ማኅበረሰብ ድርጅቶች አዋጅ ቁጥር 1113/2011 እንደ ዕድርና ዕቁብ ባሉ ባህላዊ ማኅበራት ላይ ተፈጻሚ አይሆንም። ይህ ከአንድ በኩል እፎይታ ነው፤ ከሌላ በኩል ግን ለጋሹ መጀመሪያ የሚጠይቀው የምዝገባ ምስክር ወረቀት አይኖራችሁም ማለት ነው።

ሁለት መንገድ አለ። አንደኛው ከቅሬው ጎን የተመዘገበ ማኅበር ማቋቋም ነው። በአዋጁ መሠረት ማኅበር ለመመሥረት ቢያንስ አምስት አባላት ያስፈልጋሉ፤ ከአንድ ክልል በላይ የሚሠራ ከሆነ የሚመዘግበው የፌዴራሉ የሲቪል ማኅበረሰብ ድርጅቶች ባለሥልጣን ነው፤ በአማራ ክልል ብቻ የሚወሰን ከሆነ ጥያቄው ለሚመለከተው የክልሉ አካል ይቀርባል። ሁለተኛው መንገድ ከተመዘገበ ድርጅት ሥር መግባት ነው። ገንዘቡ በእነርሱ ሒሳብ ይገባል፣ ሥራውን እናንተ ትሠራላችሁ። ለመጀመሪያ ጊዜ ለሚያመለክት ቅሬ ይህኛውን እመርጣለሁ፤ ምዝገባው ወራት ሲፈጅ የለጋሹ ጥሪ አይጠብቅም። ብቻ ከአቀፋችሁ ድርጅት ጋር ማን ምን ያህል እንደሚቆርጥ፣ ደረሰኙ ማን ዘንድ እንደሚቀመጥ አስቀድሞ በጽሑፍ ይለቅ። በቃል የተስማሙ ሰዎች በመጀመሪያው ክፍያ ማግሥት ሲጣሉ ያየ ሰው ይህን ምክር አይንቅም።

2. ወደ ምንጩ ሂዱና ለኩ

የማመልከቻው ልብ ይህ ስለሆነ ጊዜ ስጡት።

"በቀበሌው ከፍተኛ የውኃ ችግር አለ" የሚለውን ዓረፍተ ነገር ለጋሹ በሳምንት ብዙ ጊዜ ያነባል። እናንተ የምታመጡለት ይህ ይሁን፦ ምንጩ በቀን ስንት ሊትር ይሰጣል? ስንት ሰው ይቀዳል? ከሩቁ ቤት ደርሶ መልስ ስንት ደቂቃ ይፈጃል?

ለመለካት ባለ 20 ሊትር ጄሪካን፣ የእጅ ስልክ ሰዓት፣ አካፋና ክንድ ተኩል የሚሆን ቧንቧ ያዙ። ያልጎለበተ ምንጭ ከድንጋይ ሥር እየተንጠፈጠፈ ይዘረጋል እንጂ በአንድ ቦታ አይፈስስም። ሴቶቹም በቅል ወይም በጣሳ እየጨለፉ ነው ጄሪካኑን የሚሞሉት። ስለዚህ መጀመሪያ በጭቃና በሣር ትንሽ ግድብ ሥሩ፤ ቧንቧውን ከግድቡ ሥር አሳልፉ፤ ግድቡ ሞልቶ የሚገባውና የሚወጣው እስኪመጣጠን ታገሡ። ቸኩላችሁ ከለካችሁ የተጠራቀመውን ውኃ እንጂ የሚመነጨውን አልለካችሁም። ውኃው በጎን እንዳያመልጥ ዳርዳሩን በእጃችሁ ዳብሱት። ከዚያ ጄሪካኑን አስቀምጡና ሰዓቱን ያዙ። ሦስት ጊዜ ለክታችሁ አማካዩን ውሰዱ።

ጄሪካኑ በ80 ሰከንድ ሞላ እንበል። ይህ በሰከንድ ሩብ ሊትር፣ በ24 ሰዓት 21,600 ሊትር ነው። አገራችን በሁለተኛው የዕድገትና ትራንስፎርሜሽን ዕቅድ ለገጠር ያስቀመጠችው መለኪያ ለአንድ ሰው በቀን 25 ሊትር፣ በአንድ ኪሎ ሜትር ርቀት ውስጥ ነው። 21,600ን ለ25 ስታካፍሉ 864 ሰው ይወጣል። ቀበሌው 3,000 ሰው ቢኖረውም ይህ ምንጭ የሚችለው 864 ነው፤ ማመልከቻው ላይ የሚጻፈውም እርሱ ነው። ተጠቃሚ ማብዛት ብርታት የሚመስላቸው ብዙዎች ናቸው። ገምጋሚው ግን ማካፈል ያውቃል።

ሌላ ስሌትም አለ። ማታ የሚቀዳ የለም፤ ሌሊቱ በሚፈጀው አሥር ሰዓት ውስጥ 9,000 ሊትር በከንቱ ይፈስሳል። ስለዚህ አሥር ሜትር ኩብ የሚይዝ ማጠራቀሚያ ያስፈልጋል፤ ያለ እርሱ 864 የሚለው ቁጥር ውሸት ነው። ስንት የቦኖ አፍ? ስፊር በሚል ስም የሚታወቀው ዓለም አቀፍ የሰብአዊ ድጋፍ መለኪያ ለአንድ ቧንቧ አፍ ቢበዛ 250 ሰው ይላል፤ ለ864 ሰው አራት አፍ ይሆናል። አያችሁ፣ አንድ ጄሪካንና አንድ ሰዓት የፕሮጀክቱን ስፋት፣ የታንከሩን መጠንና የቦኖውን ቁጥር አወጡላችሁ።

የምትለኩበት ወቅት ከሁሉም ይበልጣል። በአንድ ምንጭ ዳር በመስከረም ስንለካ አንዲት እናት ቆመው ሲያዩን ቆዩና "ልጆቼ፣ አሁንማ ገደሉም ምንጭ ነው፤ በልግ የቀረ ዓመት በሰኔ መግቢያ ኑና ለኩ" አሉን። ከዚህ የተሻለ የሃይድሮሎጂ ምክር ከማንም አልሰማሁም። ወሎ ሁለት ዝናብ አለው፤ ስለዚህ ከበልግ በፊት ጥር ማለቂያ ላይ፣ ከክረምት በፊት ደግሞ ሰኔ መግቢያ ላይ ለኩና ትንሹን ቁጥር ያዙ። ቀኑን በማመልከቻው ላይ ጻፉት። ጥሪው በጥቅምት ወጥቶ ሌላ ጊዜ ከሌላችሁ፣ በጥቅምት ለክታችሁ "ይህ የጥቅምት ልክ ነው፤ በጥር ደግመን እንለካለን" ብላችሁ በግልጽ ጻፉ።

የውኃውን ጥራት በዓይን አትፍረዱ። ከወረዳው ውኃ ጽሕፈት ቤት ጋር ተነጋግራችሁ ናሙና ይመርመር። የዓለም ጤና ድርጅት መመሪያ በ100 ሚሊ ሊትር የመጠጥ ውኃ ውስጥ ኢኮላይ የተባለው ተሕዋሲ ጨርሶ እንዳይገኝ ይላል። ውጤቱ መጥፎ ቢሆንም አያይዙት፤ ምንጩ ለምን አጥርና ክዳን እንደሚያስፈልገው የሚያስረዳላችሁ እርሱ ነው።

3. ምንጩ የማን ነው?

ውኃው የእግዜር ነው ይባላል፤ መሬቱ ግን የሰው ነው። ምንጩ ከአንድ ገበሬ ማሳ ጫፍ ሊወጣ ይችላል፤ ከታች ደግሞ በትርፉ ውኃ ሽንኩርት የሚያለማ፣ ከብት የሚያጠጣ አለ። ማጠራቀሚያ ሠርታችሁ ውኃውን በቧንቧ ስትወስዱ የእርሱን ማጠጫ ታደርቃላችሁ። ይህ ካልተፈታ ቧንቧው በሌሊት ይቆረጣል፤ ቆራጩም ሙሉ በሙሉ ጥፋተኛ አይደለም።

ስለዚህ ከመጻፋችሁ በፊት ሽማግሌዎች ባሉበት ስብሰባ ጥሩ። ሴቶች በሌሉበት ስለ ውኃ የሚደረግ ስብሰባ ዋጋ የለውም፤ ስብሰባውን በገበያ ቀን ወይም ውኃ በሚቀዳበት ሰዓት ከጠራችሁ ደግሞ አይመጡም። በስብሰባው ሦስት ነገሮች ይወሰኑ፦ የትርፉ ውኃ መሄጃ፣ ለመሬቱ ባለይዞታ የሚሰጠው ምትክ ወይም የቃል ስምምነቱ፣ እና ከተሠራ በኋላ በየወሩ የሚዋጣው ገንዘብ። ይህ የመጨረሻው ነጥብ ሰው የሚሸሸው ጥያቄ ነው። ጎማው ያለቀ የቦኖ አፍ የሚቀየረው በማን ኪስ ነው? "ማኅበረሰቡ በባለቤትነት ይረከባል" የሚለው ሐረግ ጎማ አይገዛም። በየቤቱ የሚዋጣው ብር፣ ገንዘብ ያዡና የቦኖ ጠባቂው ተለይተው ቃለ ጉባኤ ላይ ይስፈሩ፤ ተሰብሳቢው ይፈርም። ይህን ቃለ ጉባኤ ፎቶ አንሥታችሁ ከእንግሊዝኛ ትርጉሙ ጋር አያይዙ። የአውራ ጣት አሻራ ያለበት ወረቀት ከአሥር ገጽ የዘላቂነት ድርሰት ይበልጣል።

4. ለጋሹን ምረጡ

ለሁሉም የሚላክ አንድ ማመልከቻ ለማንም አይሆንም። የጃፓን ኤምባሲ ለአነስተኛ የማኅበረሰብ ፕሮጀክቶች የሚሰጠው ድጋፍ እ.ኤ.አ. ከ1989 ጀምሮ የነበረ ነው፤ ግንባታና ዕቃ ላይ ያተኩራል፤ ደመወዝና የቢሮ ወጪ አይሸፍንም። ካናዳና አውስትራሊያም በኤምባሲዎቻቸው በኩል ለአገር በቀል ማኅበራት የሚሰጡት አነስተኛ ፈንድ አላቸው። በተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ ጉዳዮች ማስተባበሪያ ቢሮ የሚመራው የኢትዮጵያ ሰብአዊ ፈንድ ገንዘቡ ከፍ ያለ ነው፤ ነገር ግን አስቀድሞ የድርጅቱን አቅም ይመረምራል፤ ለጀማሪ አይመከርም።

የዘንድሮውን ጥሪ ራሱን አንብቡ፤ የአምናውን ይዞ የሚመጣ ጓደኛ አትመኑ። ስታነቡ መጀመሪያ "የማንደግፈው" የሚለውን ክፍል ፈልጉ። እዚያ ውስጥ ሥራችሁ ካለ ቀሪውን አትድከሙበት። ማመልከቻ ለማስገባት "ማስኬጃ" የሚል ክፍያ የሚጠይቃችሁ ማንም ቢኖር አጭበርባሪ ነው፤ ደብዳቤው የቱንም ያህል ማኅተም ቢኖረው።

5. አንድ ገጽ ብቻ

ብዙ ለጋሾች መጀመሪያ የሚጠይቁት ኮንሴፕት ኖት የሚባለውን አጭር የሐሳብ መግለጫ ነው። በአማርኛ ጻፉት፤ ከዚያ ይተርጎም። በእንግሊዝኛ ስንጀምር የሌላውን ሰው ሐረግ ስለምንደግም ሐሳቡ ይሸሻል። እንዲህ ቢጀምር ይበቃል፦

"በቃሉ ወረዳ በምትገኘው በዚህች ቀበሌ ሰው የሚጠጣው ካልተጠበቀ ምንጭ ነው። ጥር 25 ቀን ስንለካ ምንጩ በሰከንድ 0.25 ሊትር ይሰጥ ነበር፤ ይህም ለ864 ሰው ይበቃል። ምንጩን ለማጎልበት፣ አሥር ሜትር ኩብ ማጠራቀሚያና አራት አፍ ያለው ቦኖ ለመሥራት ድጋፍ እንጠይቃለን። ነዋሪው ድንጋይ፣ አሸዋና ጉልበት ያቀርባል፤ በየወሩ ለጥገና ለማዋጣትም በቃለ ጉባኤ ተስማምቷል።"

ስለ ሰው ልጅ ክብር፣ ስለ ዘላቂ ልማት ግቦችና ስለ አየር ንብረት ለውጥ የሚወራው ቦታ ካለ በኋላ ይገባል። በብዛት ቦታ አይኖርም፤ አይጎዳም። ፎቶ ሲያያዝ የሚያለቅስ ሕፃን አይሁን። በጥቅምት 1977 ከኮረም በወጡት ምስሎች ዓለም እኛን የሚያይበት ዓይን አንድ ጊዜ ተቀርጿል፤ ያንን እኛው ልንደግመው አይገባም። ምንጩን፣ ግድቡንና ጄሪካኑን አሳዩ፤ ሰው ከገባበት ፈቃዱን ጠይቁ።

6. በጀት

ገምጋሚ በጀቱን ከትረካው አስቀድሞ ያነባል። ትረካው አራት አፍ ያለው ቦኖ ብሎ በጀቱ ስድስት የቧንቧ አፍ ካለ ነገሩ እዚያው ያበቃል።

እያንዳንዱ መስመር ብዛት፣ መለኪያ፣ የአንዱ ዋጋና የዋጋው ምንጭ ይኑረው። ለሲሚንቶ፣ ለብረትና ለቧንቧ ከሦስት ነጋዴ ፕሮፎርማ ሰብስቡ። የአንዱ ሱቅ ሦስት ማኅተም አይቆጠርም፤ ይህን የምጽፈው ስለሚደረግ ነው። ዋጋው 15 በመቶ ቫትን ይጨምር አይጨምር እንደሆነ በፕሮፎርማው ላይ ይጻፍ። ማጓጓዣውን አትርሱ፦ መኪና የሚደርሰው መንገዱ እስካለ ድረስ ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው አህያና ትከሻ ዋጋ አለው።

የነዋሪው ድርሻ በቁጥር ይግባ። አርባ ሰው አሥራ ሁለት ቀን ቢሠራ 480 የሰው ቀን ነው፤ በአካባቢው የቀን ሠራተኛ ዋጋ አባዙትና "የማኅበረሰብ ድርሻ" በሚል ዓምድ አስቀምጡት። እንዲህ ሲጻፍ ለጋሹ ብቻውን እንዳልሆነ ያያል።

የአስተዳደር ወጪን በተመለከተ አዋጁ ለሕዝብ ጥቅም የተቋቋመ ድርጅት ከጠቅላላ ገቢው ከ20 በመቶ በላይ እንዳያወጣ ይላል፤ የቢሮ ኪራይ፣ የአስተዳደር ሠራተኛ ደመወዝ፣ የባንክና የኦዲት ክፍያ የመሳሰሉት እዚህ ይገባሉ። ብዙ ለጋሾች ከዚህም ያነሰ ነው የሚፈቅዱት። አበል ላይ ቆጣቢ ሁኑ። ለአንድ ምንጭ ሦስት ዙር "የግንዛቤ ማስጨበጫ ሥልጠና" በሆቴል የሚያዘጋጅ በጀት አይቻለሁ፤ የአዳራሹና የሻይው ድምር ከሲሚንቶው በልጦ ነበር።

ምንዛሪው ሌላ ወጥመድ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ብር በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ 57 ብር አካባቢ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100ን አለፈ። 20,000 ዶላር የጠየቀ ማኅበር 1,140,000 ብር ጠብቆ 2,000,000 አገኘ ማለት ነው፤ ደስ ይላል፤ ግን በዚያው መጠን ከውጭ የሚመጣው ዕቃም ተወደደ፣ ለጋሹም ትርፉን ጠየቀ። ስለዚህ በጀቱን በብር ሥሩ፤ ወደ ዶላር ወይም ዩሮ የመለሳችሁበትን ባንክ፣ ቀንና ዋጋ ከሠንጠረዡ ግርጌ ጻፉ። ለጋሹ ከፈቀደ ከአምስት እስከ አሥር በመቶ መጠባበቂያ ያዙ። ካልፈቀደ መስመሮቹን በስውር አታሳብጡ፤ ፕሮፎርማው ያጋልጣችኋል።

7. ቀን መቁጠሪያው

የለጋሹ በጀት ዓመት ከእኛ ሐምሌ 1 ጋር አይገናኝም። በብዛት ገንዘቡ የሚለቀቀው ለእኛ በማይመች ጊዜ ነው። በሐምሌና ነሐሴ ወደ ገጠር ቀበሌ ሲሚንቶ አይገባም፤ ኮንክሪትም በዝናብ አይፈሰስም። ኅዳርና ታኅሣሥ አጨዳና ውቂያ ነው፤ በዚያ ጊዜ ለጉልበት ሥራ ሰው ብትጠሩ ሊቀመንበሩም አይመጣም። የሚቀረው ከጥር እስከ ግንቦት ነው። እዚያም እንቅፋት አለ፦ ከ1997 ጀምሮ ባለው የሴፍቲኔት መርሐ ግብር የታቀፉ ቤተሰቦች በዚህ ወቅት በወር ለአንድ ሰው አምስት ቀን የሚደርስ የማኅበረሰብ ሥራ አለባቸው። የእናንተን 480 የሰው ቀን ከዚያ ጋር እንዳይጋጭ ከወረዳው ግብርና ጽሕፈት ቤት ጋር አስተካክሉ፤ አንዱን ላብ ሁለት ቦታ መቁጠርም በኦዲት ያስጠይቃል።

በማመልከቻው ሁሉ የእነርሱን አቆጣጠር ተጠቀሙ፤ በራሳችሁ ዕቅድ ላይ ሁለቱንም ጎን ለጎን ጻፉ። ስለ ሰዓትም ላስታውስ፦ የማስገቢያው ሰዓት በግሪንዊች 23:59 ከሆነ ለእኛ ሌሊት 8:59 ነው። ይህ የሚጠቅመው ለማወቅ እንጂ ለመጠቀም አይደለም። መብራትና ኢንተርኔት ሌሊቱን ሙሉ ይኖራሉ ብሎ የሚወራረድ ደሴ ውስጥ የለም፤ ሁለት ቀን አስቀድሙ።

8. ሠንጠረዡ

ሎግ ፍሬም የሚባለው ሠንጠረዥ እ.ኤ.አ. በ1969 ለዩኤስኤአይዲ የተሠራ ነው፤ ተቋሙ ሲዘጋ ሠንጠረዡ ለሁላችንም ተርፏል። አትፍሩት። ከላይ ወደ ታች ግብ፣ ውጤት፣ የሚሠራው ነገርና ተግባር ናቸው። ከግራ ወደ ቀኝ ደግሞ መለኪያው፣ ማረጋገጫውና እንዳይፈጸም ሊያደርግ የሚችለው ነገር ይቀመጣሉ።

ከታች ወደ ላይ ሙሉት። ተግባር፦ ምንጩን መቆፈር፣ ማጠራቀሚያ መገንባት። የሚሠራው፦ አራት አፍ ያለው ቦኖ፤ ማረጋገጫው የወረዳው ውኃ ጽሕፈት ቤት የርክክብ ሰነድ። ውጤት፦ 864 ሰዎች በቀን 25 ሊትር ንጹሕ ውኃ መቅዳታቸው፤ ማረጋገጫው የቦኖ ጠባቂው መዝገብና የላቦራቶሪው ወረቀት። "የሴቶች ጫና 70 በመቶ ይቀንሳል" ብላችሁ አትጻፉ፤ 70ን ከየት አመጣችሁት? ከሩቁ ቤት የሚወስደውን ደርሶ መልስ ቀድማችሁ ከለካችሁ በኋላም ትለኩታላችሁ፤ ልዩነቱ ራሱ ይናገራል።

እንቅፋት በሚለው ዓምድ ሐቁን ጻፉ፦ የመንገድ መዘጋት፣ የጸጥታ ችግር፣ የኢንተርኔት መቋረጥ፣ የሲሚንቶ እጥረት፣ የበልግ መቅረት። ከጎኑ ምን እንደምታደርጉ አስከትሉ። "ምንም ስጋት የለም" የሚል ማመልከቻ ከወሎ ቢመጣ የሚያምን የለም።

9. ገንዘቡ እንዴት እንደሚጠበቅ

ይህ ክፍል ድሮ በአንድ አንቀጽ ያልፍ ነበር፤ አሁን አያልፍም። በ2014 ጦርነቱ ኮምቦልቻ በደረሰ ጊዜ የዓለም ምግብ ፕሮግራም መጋዘኖች ተዘርፈው በደሴና በኮምቦልቻ እደላው ቆመ። በሰኔ 2015 ደግሞ የእርዳታ እህል ወደ ገበያ እየወጣ ነው ተብሎ ይኸው ድርጅትና ዩኤስኤአይዲ በመላ አገሪቱ የምግብ እደላውን አቋረጡ። ገምጋሚው ስለ ሁለቱም ሰምቷል። ባይጽፈውም የሚጠይቃችሁ በዚያ ዓይን ነው።

መልሳችሁ በድርጊት ይሁን። ሒሳቡ በማኅበሩ ስም፣ በሁለት ወይም በሦስት ሰው ጣምራ ፊርማ ይንቀሳቀስ፤ ፈራሚዎቹ ዘመዳሞች አይሁኑ። ዕቃ የሚገዛ፣ ዕቃ የሚረከብና ገንዘብ የሚከፍል ሦስት የተለያዩ ሰዎች ይሁኑ። የሲሚንቶው መጋዘን ሁለት ቁልፍ ይኑረው፤ አንዱ ከውኃ ኮሚቴው ሴት አባል እጅ። የገባውና የወጣው ዕቃ፣ ከጠቅላላ በጀቱ ጋር፣ በቀበሌው ጽሕፈት ቤት በር ላይ በአማርኛ ይለጠፍ። የዚህ የተለጠፈ ወረቀት ጥቅም ከኦዲተር አያንስም፤ የሲሚንቶ ዋጋ የሚያውቅ ገበሬ ቆሞ ያነብበዋል።

ለጋሹ የሕፃናት ጥበቃና የሙስና መከላከያ ፖሊሲ ይጠይቃል። ከኢንተርኔት ገልብጣችሁ ስም መቀየር ይቻላል፤ ብዙዎች ያደርጉታል። በስልክ ቃለ መጠይቁ ላይ "ቅሬታ የሚቀበለው ማን ነው?" ሲባሉ ግን ይተያያሉ። ሁለት ገጽ ራሳችሁ ጻፉ፤ ቅሬታ ተቀባዩን በስም አስቀምጡ፤ ያ ሰው ሊቀመንበሩ አይሁን።

ከዚህ ጋር የሚያያዙት ሰነዶች የታወቁ ናቸው፦ የምዝገባ ምስክር ወረቀት፣ መተዳደሪያ ደንብ፣ የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር፣ የባንክ ማረጋገጫ፣ የቅርቡ የኦዲት ሪፖርት፣ የሥራ አመራር አባላት መታወቂያ፣ የወረዳው ውኃ ጽሕፈት ቤት የድጋፍ ደብዳቤ። ደብዳቤው ቁጥር፣ ቀንና ክብ ማኅተም ይኑረው። ቀድማችሁ ጠይቁ፤ ፈራሚው ለስብሰባ ባሕር ዳር የሚሄደው ሁልጊዜ እናንተ በምትፈልጉት ሳምንት ነው።

10. መልስ ሲመጣ

እምቢታ ከመጣ ምክንያቱን በትሕትና ጠይቁ፤ አንዳንዶቹ ይነግራሉ። ለሌላ ለጋሽ ስትልኩ የድሮው ለጋሽ ስም በገጽ ሰባት ላይ እንዳይቀር ፈልጉ፤ ዋጋዎቹን በአዲስ ፕሮፎርማ ቀይሩ፤ ምንጩንም በሚቀጥለው በጋ እንደገና ለኩ።

እሺታ ከመጣ ድግሱን አቆዩና ውሉን አንብቡ። የምትፈልጉት ይህ ነው፦ ገንዘቡ በስንት ዙር ይለቀቃል፣ የሁለተኛው ዙር ቅድመ ሁኔታ ምንድን ነው? ከአንዱ መስመር ወደ ሌላው ማዛወር እስከ ስንት በመቶ ያለ ፈቃድ ይቻላል? ብዙዎች አሥር በመቶ ይላሉ፤ የእናንተው ግን የሚለውን ተመልከቱ። ከምንዛሪ የተረፈው የማን ነው? ያልተሠራበት ገንዘብ መቼ ይመለሳል? ደረሰኞች ስንት ዓመት ይቀመጣሉ? ሪፖርቱ በየትኛው ቀን፣ በማን አቆጣጠር? ለጋሹ በመሐል ቢያቋርጥ በዚያ ቀን የተገዛው ሲሚንቶና የተቀጠረው ግንበኛ ዕዳ በማን ላይ ይወድቃል? ከ2017 ወዲህ ይህኛውን ጥያቄ ሳይጠይቁ መፈረም የዋህነት ነው፤ መልሱ በውሉ ውስጥ ከሌለ እንዲገባ በጽሑፍ ጠይቁ።

ከፊርማው በፊት ለፕሮጀክቱ ከወረዳውና ከዞኑ የሚመለከታቸው መሥሪያ ቤቶች ጋር የሚፈጸመው ስምምነት የት እንደደረሰ አረጋግጡ፤ ያለ እርሱ ገንዘቡ ባንክ ተቀምጦ ቆፋሪው ከቤቱ አይወጣም።

ውሉ በእንግሊዝኛ ነው፤ ገንዘቡን የሚይዘው ሰው ግን ምናልባት እንግሊዝኛ አያነብም። ስለ ክፍያ፣ ስለ ደረሰኝ፣ ስለ ግዥና ስለ ሪፖርት ቀን የሚናገሩትን አንቀጾች በአማርኛ በአንድ ገጽ ጻፉለት፤ ሊቀመንበሩና ጸሐፊው ይፈርሙበት፤ ከደረሰኝ ጥራዙ ሽፋን ውስጥ ይለጠፍ።